በከባድ መኪና ጩኸት እየተኛሁ በልጄ ማቃሰት የምነቃው ለምንድን ነው?

የሳሪስ እናት

ሰላም ለዚህ ቤት። የምንኖረው ከዋናው መንገድ ዳር ነው። ሌሊቱን ሙሉ ከባድ መኪና ያልፋል፣ ውሻ ይጮኻል፣ በዓል ሲሆን ማኅሌቱ በድምፅ ማጉያ ያድራል። አልነቃም። የ5 ወር ልጄ ግን ገና ሳታለቅስ፣ ከንፈሯን ስትመጥ ወይም «እህ» ስትል ዓይኔ ይገለጣል። ባለቤቴ አጠገቤ ተኝቶ ለቅሶዋን አይሰማም። እሱ የመብራት ጥገና ተረኛ ስለሆነ ስልኩ ትራሱ ሥር ሲንቀጠቀጥ ተስፈንጥሮ ይነሳል፤ እኔ ያንን ስልክ አንድም ቀን ሰምቼው አላውቅም።

አማቴ «የእናት አንጀት ነው» ይሉኛል። ደስ ይለኛል፣ ግን ማወቅም እፈልጋለሁ። ተኝቼ እየሰማሁ ነው ማለት ነው? ከሰማሁስ ይሄ ይቀስቅሳት፣ ያኛው ይለፋት ብሎ የሚመርጥልኝ ምንድን ነው?

ሁለተኛውን የምጠይቀው በምክንያት ነው። ከ3 ሳምንት በፊት ልጄ አተኩሷት ያደረች መሆኑን ያወቅሁት ጠዋት ነው። ገላዋ እሳት ሆኖ አገኘኋት። አላለቀሰችም፣ አላቃሰተችም። አሁን ደህና ናት። ነገር ግን አንዲት ጎረቤት «እናት ሆነሽ እንዴት አልተሰማሽም?» ያለችኝ ከውስጤ አልወጣ አለ።

የነርቭ ሕክምና ሬዚደንት

እህቴ፣ እንኳን ማረልሽ። ከመጀመሪያው ጥያቄ ልነሳ። አዎ፣ ተኝተሽ እየሰማሽ ነው። ዓይን ቆብ አለው፣ ጆሮ የለውም። ድምፅ ሌሊቱን ሙሉ ወደ አንጎል ይገባል፤ እንቅልፍ የሚቀንሰው ከገባው ውስጥ ወደ ንቃት የሚያልፈውን ነው።

እ.ኤ.አ. በ1960 ኢያን ኦስዋልድና ባልደረቦቹ እንቅልፍ ለወሰዳቸው ሰዎች ብዙ ስሞችን በተርታ እያሰሙ የአንጎላቸውን ሞገድ መዘገቡ። የተኛው ሰው የራሱ ስም ሲጠራ በሞገዱ ላይ የሚታየው ትልቅ ምላሽ በረከተ። ያንኑ ስም ከኋላ ወደ ፊት ገልብጠው ሲያሰሙት ግን ምላሹ ቀነሰ። የድምፁ ጉልበት አልተለወጠም፤ የጠፋው ትርጉሙ ነው። ስለዚህ የተኛ አንጎል ድምፁ ምን ያህል እንደሚጮህ ብቻ ሳይሆን የማን እንደሆነና ምን ማለት እንደሆነም በጥቂቱ ይመዝናል። አንቺን የልጅሽ ትንፋሽ፣ ባለቤትሽን ስልኩ የሚቀሰቅሳችሁ ለዚህ ነው። ለሁለታችሁም ያ ድምፅ «ተነሥ፣ የሚጠብቅህ ሥራ አለ» ማለት ሆኖ ብዙ ቀን ተደጋግሟል።

መራጩ አንድ ቦታ የተቀመጠ ዳኛ አይደለም። ከታች፣ በአንጎል ግንድ ውስጥ፣ ሎከስ ሴሩሊየስ የምትባል ኢምንት የሴሎች ክምር አለች። ስሟ በላቲን «ሰማያዊ ቦታ» ማለት ነው። ያልተጠበቀ ወይም የሚያሰጋ ነገር ሲመጣ ኖርአድሬናሊን የሚባለውን የሚያነቃ ኬሚካል ወደ አንጎል ሁሉ ትረጫለች፤ የዓይን ብሌን ይሰፋል፣ ልብ ይመታል። ከላይ ደግሞ ኢንሱላና ሲንጉሌት የሚባሉ ሁለት የአንጎል አካባቢዎች አሉ፤ የፊተኛ ክፍሎቻቸው አብረው ይሠራሉ። እ.ኤ.አ. በ2007 ዊሊያም ሲሊና ባልደረቦቹ በኤምአርአይ አይተው እንደ አንድ መረብ የገለጿቸው እነዚህን ነው። በአማርኛ «የአንኳር ነገር መረብ» ብንለው ይስማማኛል። ከውጭ የመጣውንና ከሰውነት ውስጥ የመጣውን፣ ማለትም የልብ ምትን፣ ረሃብን፣ የትንፋሽ እጥረትን፣ አብሮ ያያል። ከዚያ ሐሳብ ውስጥ የሰጠመውን አንጎል ነቅሎ ወደ ሥራ ያዞረዋል።

ወደ ትኩሳቱ ሌሊት እመለስበታለሁ። ተረኛ ነኝ፣ ተጠራሁ።

ወፍጮ ቤት ያደገ

ይህን ሳነብ አባቴ ትዝ አለኝ። ወፍጮ ቤት ነበረው። ከሰዓት እህል ሲቀንስ ሞተሩ እየጮኸ ወንበሩ ላይ ያሸልባል። አጠገቡ ብንጮህ አይሰማም። ቺንጊያው ትንሽ ሲላላ ወይም እህሉ አልቆ ድንጋዩ ባዶውን ሲዞር ግን ብድግ ይላል። እኛ ለውጡን እንኳ አንለየውም ነበር። ከሁሉ የሚደንቀኝ መብራት ጠፍቶ ሞተሩ ቀጥ ሲል መንቃቱ ነው። ጸጥታ ሰውን እንዴት ይቀሰቅሳል?

የነርቭ ሕክምና ሬዚደንት

ወንድሜ፣ ይህ ጥያቄ የሩሲያውን ተመራማሪ ዬቭጌኒ ሶኮሎቭን ለብዙ ዓመታት ያሠራው ጥያቄ ነው። አዲስ ድምፅ ሲመጣ ሰው ዞር ይላል። ደጋግመህ ስታሰማው ምላሹ እየሞተ ይሄዳል። ከዚያ ድምፁን ብትቀንሰው፣ ብታሳጥረው ወይም በሚጠበቅበት ሰዓት ብታስቀረው ምላሹ እንደገና ይነሣል። ድምፅ ቀንሶ መበርገግ በጉልበት አይገለጽም። ሶኮሎቭ የደረሰበት ሐሳብ አንጎል የለመደውን ነገር ምስል በውስጡ ይይዛል፣ የሚመጣውንም ከዚያ ምስል ጋር ያመሳክራል የሚል ነው። አባትህ የሞተሩን ምስል በልቡ ይዞ ነበር የሚያሸልበው። ምስሉና ድምፁ ሲለያዩ ነቃ።

እ.ኤ.አ. በ1978 ደግሞ ፊንላንዳዊው ሪስቶ ናታነንና ባልደረቦቹ በአንድ ዓይነት ድምፆች መካከል አንድ ለየት ያለ ሲገባ በአንጎል ላይ የሚታየውን ሞገድ ለይተው አወጡ። ከሩብ ሰከንድ ባነሰ ጊዜ ይመጣል። ሰውየው መጽሐፍ እያነበበ፣ ድምፁን ከቁብ ሳይቆጥረውም ይመጣል።

ጆሮ ለባለቤቱ

አንድ ነገር ላርም። «ስሜ ከተጠራ የትም ብሆን እሰማለሁ» የሚለው በብዙ ቦታ እንደ ተረጋገጠ ነገር ይጻፋል። ኮሊን ቼሪ እ.ኤ.አ. በ1953 በሁለት ጆሮ ሁለት የተለያየ ንግግር እያሰማ አንዱን ብቻ እንዲከተሉ ሲያደርግ፣ ሰዎቹ በሌላው ጆሮ ስለ ምን እንደተወራ መናገር አልቻሉም። በ1959 ኔቪል ሞሬይ በዚያ በተተወው ጆሮ የሰውየውን ስም አስገባ። የሰማው ሲሶ ያህሉ ብቻ ነው። ሲሶ! ሁለቱ እጅ ስማቸው ተጠርቶ አልሰሙም።

እ.ኤ.አ. በ2001 የወጣው ደግሞ ይበልጥ ያሳስባል። ኮንዌይ፣ ኮዋንና ባንቲንግ በአእምሮ ይዞ የመሥራት አቅማቸው ከፍ ካሉት ሰዎች 20 በመቶው፣ ዝቅ ካሉት 65 በመቶው ስማቸውን እንደሰሙ አገኙ። ማለትም ሥራው ላይ አጥብቆ የተያዘ ሰው የራሱ ስም ያመልጠዋል። አበው «ጆሮ ለባለቤቱ ባዳ ነው» ያሉት በሰው ፊት ስለማይወራ ሐሜት ቢሆንም እዚህም ይሠራል። ለእናቲቱ የምለው፣ አንጎል የመረጠልን ሁሉ አስፈላጊ፣ የጣለው ሁሉ ከንቱ ነው ብለን እንዳናምን ነው።

14 ዓመት በታክሲ

ስለ ጆሮ ካነሣችሁ የኔንም ስሙኝ። ሙዚቃ ተከፍቶ፣ ረዳቱ እየጠራ፣ ጥሩንባ እየጮኸ፣ ከኋላ ወንበር አንዲት እናት በቀጭን ድምፅ «ወራጅ አለ» ካሉ እሰማለሁ። ስለ ፖለቲካ ሲከራከሩ ግን አንድ ቃል አይገባኝም። ይህን እንደ ችሎታ ነበር የማየው።

አንድ ቀን ማለዳ በጆሮ ማዳመጫ ከወንድሜ ጋር ስለ ውርስ መሬት እየተጨቃጨቅን ስነዳ ረዳቴ ጮኸ። ፍሬን ያዝኩ። አንድ የዩኒፎርም ልጅ ከመኪናው አፍንጫ አንድ ክንድ በማይሞላ ርቀት ላይ፣ ዜብራው መሀል ቆሟል። እጄ መሪው ላይ ነበር። ዓይኔ መንገዱ ላይ ነበር። አልተኛሁም፣ አልጠጣሁም። ልጁ ፊት ለፊቴ እያለ አላየሁትም። ለሰው ስናገር «ዋሽተሃል፣ ስልክ ስትነካካ ነው» ይሉኛል። እጄ ስልክ አልነካም። ዶክተር፣ ይህ ነገር ስም አለው? ያን ቀን የሆነው ምን እንደሆነ ካላወቅሁ እንዳይደገም እፈራለሁ።

የነርቭ ሕክምና ሬዚደንት

ጋሼ፣ እርስዎ አልዋሹም። ስም አለው፤ ትኩረት ሲያዝ የሚመጣ ዕውርነት ይባላል። እ.ኤ.አ. በ1999 ዳንኤል ሳይመንስና ክሪስቶፈር ቻብሪስ ሰዎች ኳስ ሲቀባበሉ የሚያሳይ ፊልም አሳይተው ነጭ የለበሱት ስንት ጊዜ እንደተቀባበሉ አስቆጠሩ። በመሀል የጎሪላ ልብስ የለበሰ ሰው ገብቶ፣ ደረቱን መትቶ፣ 9 ሰከንድ ያህል ቆይቶ ወጣ። ግማሽ ያህሉ ተመልካች አላየውም።

የእርስዎን ጉዳይ በቀጥታ የሚነካው የስትሬየርና የጆንስተን ሥራ ነው፣ እ.ኤ.አ. 2001። ሰዎች የመንዳትን ሥራ በሚመስል ሙከራ ላይ ሳሉ ስልክ ሲያወሩ የሚያመልጣቸው የመብራት ምልክት እጥፍ ሆነ፤ ያዩትንም ዘግይተው መለሱ። ስልኩ በእጅ ተይዞ ይሁን ወይም እጅ ሳይነካው ልዩነት አላመጣም። የሚይዘው ወሬው ነው። የውርስ ጉዳይ ደግሞ ስሜት ያለበት ነው፤ የአንኳር ነገር መረብዎ በዚያች ደቂቃ አንኳሩ መሬቱ ነው ብሎ ወስኗል። አጠገብዎ የተቀመጠ ሰው ቢሆን መንገዱ ሲጠብ ያያል፣ ዝም ይላል። በስልክ ያለው ሰው ዜብራውን አያይም።

14 ዓመት በታክሲ

ተረድቻለሁ። እግዚአብሔር ይስጥልኝ። ማዳመጫውን ዛሬውኑ ከመኪናው አወጣዋለሁ። ለማኅበራችን ልጆችም ይህን አነብላቸዋለሁ።

ኤክስሬይ አንባቢ

እኔ ራዲዮሎጂስት ነኝ። ጎሪላው በሌላ ሰው ላይ ሲሆን ደንቆን እናልፋለን፤ እ.ኤ.አ. በ2013 ወደ እኛ ቤት መጣ። ትራፍተን ድሩ፣ ሜሊሳ ቮና ጄረሚ ዎልፍ ለ24 ራዲዮሎጂስቶች የሳንባ ሲቲ፣ ማለትም ሳንባን በስስ በስሱ ከፍሎ የሚያሳይ የራጅ ምስል፣ ሰጥተው እጢ እንዲፈልጉ አደረጉ። ከምስሎቹ በአንደኛው ረድፍ የጎሪላ ሥዕል ከተቱ፤ ከአማካይ እጢ 48 እጥፍ የሚበልጥ። 20ዎቹ አላዩትም። የዓይን እንቅስቃሴያቸው ሲመረመር ካላዩት ውስጥ አብዛኞቹ በቀጥታ ጎሪላው ያለበትን ቦታ ተመልክተው ነበር። «ልብ ካላየ ዓይን አያይም» የሚባለው በወረቀት ላይ ወጣ።

ያን ጥናት ካነበብኩ ወዲህ አሠራሬን ለውጫለሁ። የደረት ፊልም ሲመጣ ሐኪሙ «የሳንባ ምች ይታይልኝ» ብሎ ከጻፈ ዓይኔ ወደዚያው ይሮጣል፤ ምቹን ካገኘሁ በኋላ ደግሞ ፍለጋው ውስጤ ያልቃል። ሁለተኛው ስህተት የሚደበቀው እዚያ ነው። ስለዚህ ምቹን ባገኝም ባላገኝም ሁልጊዜ በአንድ ቅደም ተከተል አያለሁ፤ የሳንባው ጫፍ፣ ከልብ ጀርባ፣ ከድያፍራም በታች፣ አጥንቱ፣ የትከሻ መገጣጠሚያ። ዓይኔ ደስ ያለው ቦታ ላይ እንዲያርፍ አልተውለትም። ሰልቺ ነው። ግን ከልብ ጀርባ የተደበቀ እጢ ያገኘሁት በዚህ መንገድ ነው፤ ዓይኔን የሚጠራ ነገር በዚያ ቦታ አልነበረም።

የደሴዋ ልጅ

ከዚህ በፊት ጽፌ አላውቅም፤ ይህን ክር ሳነብ ግን አለቀስኩ። አባቴ ከ4 ወር በፊት ስትሮክ መታቸው። የአንጎላቸው ቀኝ በኩል ነው የተጎዳው። ንግግራቸው ደህና ነው፣ ትዝታቸው ደህና ነው። ማዕድ ስንቀርብ ግን ከፊታቸው ካለው እንጀራ የቀኙን ግማሽ ብቻ ይበላሉ። ወጡ በግራ በኩል ከፈሰሰ አይነኩትም። «ጠገብኩ» ይላሉ፣ ግን ትንሽ ቆይተው ራበኝ ይላሉ። ጢማቸውን ሲላጩ የግራውን ጉንጭ ይተዉታል። ከግራ የገባ እንግዳ ሰላም ሲላቸው አይመልሱም፤ ዘመድ «ኮራ» ብሎ ተቀየመ። ያየን ሐኪም ቤት ዓይናቸውን መርምሮ ደህና ነው ብሎ መለሰን። ወንድሜ ደግሞ እልኸኝነት መስሎት ይቆጣቸዋል።

እናቴ ብቻ ምንም ሳትናገር ትሪውን ታዞራለች። ስታዞረው የቀረውን ይበላሉ። እንደ አዲስ የመጣ ነው የሚመስላቸው።

አንድ ነገር ግራ የሚያጋባኝ፣ የልጅ ልጃቸው ከግራ ስትጠራቸው አንዳንዴ ዞር ይላሉ። እኛ ስንጠራ አይዞሩም። ታዲያ ያያሉ ወይስ አያዩም?

የነርቭ ሕክምና ሬዚደንት

እህቴ፣ እናትሽ ያደረጉት ከብዙ ማብራሪያ ይበልጣል። ይህ እልኸኝነት አይደለም፣ ኩራትም አይደለም፤ እባክሽ ለወንድምሽ አንብቢለት። የግራን ጎን መዘንጋት የምንለው ሕመም ነው። ብዙ ጊዜ የሚመጣውና የሚቆየው የአንጎል ቀኝ በኩል ሲጎዳ ነው። ዓይኑ ያያል፤ የተጎዳው «በዚያ በኩል ዓለም አለ፣ ተመልከት» የሚለው ክፍል ነው። ሰው ዓይኑ ቢታወር መታወሩን ያውቃል፤ ራሱን እያዞረ ይፈልጋል። አባትሽ የማይፈልጉት የጎደለ ነገር መኖሩ ስለማይሰማቸው ነው።

ነገሩ ምን ያህል ጥልቅ እንደሆነ የሚያሳይ አንድ ሥራ አለ። እ.ኤ.አ. በ1978 ቢሲያክና ሉዛቲ በጣሊያኗ ሚላኖ ከተማ ውስጥ ይህ ሕመም ያለባቸውን ሁለት ሰዎች ጠየቁ። ሁለቱም ካቴድራሉ ያለበትን የከተማይቱን የዱዎሞ አደባባይ ያውቁታል። «ካቴድራሉን ፊት ለፊት እያያችሁ እንደቆማችሁ አስቡና በዙሪያው ያለውን ንገሩን» ሲሏቸው የቀኙን ሕንፃዎች ብቻ ጠሩ። «አሁን ካቴድራሉ ደጃፍ ቆማችሁ ወደ አደባባዩ እንደምታዩ አስቡ» ሲሏቸው ቅድም የተዉአቸውን ሕንፃዎች ጠሩ፤ ቅድም የጠሩአቸውን ተዉ። በዚያ ክፍል ውስጥ የሚታይ አደባባይ አልነበረም። የጎደለው በሐሳብ ውስጥ ያለው ግራ ነበር። አባትሽ ስለ ደሴ ፒያሳ ሲያወሩ ብትሰሚአቸው ይህን ልታስተውዪ ትችያለሽ።

ስለ ልጅቷ፣ አዎ፣ ነገሩ በውስጣቸው ይደርሳል። እ.ኤ.አ. በ2001 ቩሊዩሚዬና ሽዋርትዝ እንዲህ ባሉ ሕመምተኞች ግራ በኩል ስሜት የሚታይበት ፊት ሲያቀርቡ ስሜት ከሌለው ፊት ይልቅ በብዛት እንዳዩት አሳይተዋል። የሚወዱት ነገር በሩ በተዘጋው በኩልም አንዳንዴ ሰንጥቆ ይገባል። ስለዚህ ልጅቷ በግራቸው ትቀመጥ። ስትጀምሩ ከቀኝ አናግሯቸው፣ ቀልባቸው ከመጣ በኋላ ቀስ እያላችሁ ወደ ግራ ሂዱ። በገበታው ግራ ጠርዝ ቀይ ነገር አድርጉ፣ «ቀዩን እስክታዩት ዞር በሉ» በሏቸው፣ በየዕለቱ። ምድጃና ደረጃ በግራ በኩል ካለ ብቻቸውን አትተዉአቸው፤ መንገድም ለብቻቸው አይሻገሩ። የአካል ማገገሚያ ባለሙያ ያለበት ሆስፒታል ፈልጉ። 4 ወር ገና ነው።

ሥነ ልቦና 3ኛ ዓመት

ዶክተር፣ አሚግዳላ የሚባለውን የአንጎል ክፍል ለምን አላነሡትም? በክፍል የተማርነው የፍርሃት ማዕከል እንደሆነና አደጋን የሚለየው እሱ እንደሆነ ነው።

የነርቭ ሕክምና ሬዚደንት

ልጄ፣ ጥሩ ጥያቄ ነው፣ ግን «ማዕከል» የሚለውን ቃል ላላ አድርገው። ኤስኤም በሚሉ ፊደላት ብቻ የምትታወቅ አሜሪካዊት አለች። በብርቅ ሕመም ሁለቱም አሚግዳላዎቿ ጠፍተዋል። የፈራ ፊት ስታይ ፍርሃት መሆኑን አትለይም ነበር። እ.ኤ.አ. በ2005 ራልፍ አዶልፍስና ባልደረቦቹ ምክንያቱን ፈልገው ሲያገኙ፣ የሰውን ዓይን አትመለከትም ነበር። «ዓይኑን ተመልከቺ» ሲሏት እንደማንኛውም ሰው ለየች። አሚግዳላ ይሠራላት የነበረው አንዱ ሥራ «ወሬው ያለው ዓይኑ ላይ ነው፣ ወደዚያ እይ» የሚለው ነው።

እ.ኤ.አ. በ2013 ደግሞ 35 በመቶ ካርቦን ዳይኦክሳይድ ያለበት አየር ስትስብ በድንጋጤ ተርበተበተች። እባብ የማያስፈራት ሴት! የመታፈን ስሜት ከሰውነት ውስጥ በሌላ መንገድ ይመጣል፤ አደጋን የሚጠብቅ በር አንድ ብቻ አይደለም።

ሳይካትሪ ነርስ

ከኔ ሥራ አንድ ልጨምር። ይህ መራጭ ሲላላ የሚመጣ ሥቃይም አለ። ሺቲጅ ካፑር እ.ኤ.አ. በ2003 የሥነ አእምሮ ቀውስን በዚህ መንገድ ገልጾታል፤ ዶፓሚን የሚባለው የአንጎል ኬሚካል ያለ ቦታው ሲለቀቅ ተራ የሆነው ነገር ሁሉ አንኳር ይሆናል። ያለፈ ቀይ መኪና፣ የተከፈተ መስኮት፣ በራዲዮ የተባለ ቃል፣ ሁሉም «ለኔ ነው የተላከው» ያሰኛል። ሰውየው ከዚያ ምክንያት ይፈልጋል፣ የሚያሳድዱት ሰዎችን ያገኛል። ቤተሰብ «ዝም ብለህ ነው፣ ምንም የለም» ሲለው አይረዳውም፤ ለእሱ ነገሩ ከምንም በላይ ጎልቶ ይታየዋል። አትከራከሩት፣ ፍርሃቱን ስሙት፣ ወደ ሕክምና አምጡት። ጠበል የሚወስዱ ቤተሰቦች ብዙ ናቸው፤ የምለምናቸው መድኃኒቱን እንዳያቋርጡበት ብቻ ነው።

የነርቭ ሕክምና ሬዚደንት

የሳሪሷ እህታችን፣ ቃል የገባሁትን ልመልስ። ይህ መራጭ የሚነቃው በለውጥ ነው፣ በድምፅ ነው፣ በተለመደ ምልክት ነው። ትኩሳት ግን ቀስ ብሎ ይወጣል፣ ድምፅ የለውም። ያተኮሰው ሕፃን ደግሞ ሲደክም ዝም ይላል። ያን ሌሊት ወደ ጆሮሽ የመጣ ነገር አልነበረም። የጎረቤትሽ ቃል የማይቻል ነገር ነው የጠየቀሽ። ስትታመም ለሚታይ ምልክት ግን ዕቅድ ያስፈልጋል፤ ክትባት በወሰደች ቀን ወይም ጉንፋን በያዛት ሰሞን ሰዓት ሞልተሽ ተነሥተሽ ዳስሻት፣ ቴርሞሜትርም ግዢ። ጡት እንቢ ካለች፣ ከደከመችና አልነቃ ካለች፣ ትንፋሿ ከፈጠነ ሳይነጋ ሂጂ። ይህን የሚያነብ ከ3 ወር በታች ሕፃን ያለው ካለ ደግሞ ሙቀቱ 38 ዲግሪ ከደረሰ ሌላ ምልክት ሳይጠብቅ ይውሰደው።

የሳሪስ እናት

ዶክተር፣ ሁለት ጊዜ አነበብኩት። ለባለቤቴም አነበብኩለት። ባለፈው ረቡዕ ክትባት ነበራት፤ ለሌሊት 8 ሰዓት እና ለ11 ሰዓት ስልኩን እሱ ሞላ፤ ለሱ ስልክ እንደሚነሣ እናውቃለንና። እሱ ዳሰሳት፣ እኔ ተኛሁ። ከወለድኩ ወዲህ እንዲህ ተኝቼ አላውቅም።

የደሴዋ ልጅ

እናቴ ቀይ ጥለት ያለው አሮጌ ነጠላ ቀዳ ጥለቱን በገበታው ግራ ጠርዝ ሰፋችው። ልጅቷን በግራ አስቀመጥናት። ወንድሜ ያላችሁትን አንብቦ ምንም አልተናገረም፤ በነጋታው ጢማቸውን እሱ ላጫቸው፣ ሁለቱንም ጉንጭ። ትናንት ማታ አባቴ «ቀዩ የት ሄደ?» ብለው ራሳቸው ዞሩ፣ ከግራ በኩል አንዴ ጎረሱ፣ ከዚያ ለልጅቷ አጎረሷት። ትሪውን ማንም አላዞረውም።